የዋቃ ስም ጉዞ፤ ክርስትናና ነባር እምነቶች በቅኝ አገዛዝ ዘመን

በአፍሪካ የቅኝ አገዛዝ ታሪክ ውስጥ ነጋዴው፣ ወታደሩና ሚስዮናዊው አዘውትረው በአንድነት ይነሣሉ። አንዱ መንገዱን ይጠርጋል፣ ሁለተኛው ይወርራል፣ ሦስተኛው የተወረረውን ሕዝብ ኅሊና ያለዝባል ይባላል። ይህ አባባል በብዙ ማስረጃ የተደገፈ ነው። ይሁን እንጂ አንድ ጉልህ ክፍተት አለበት፤ የተወረረው ሕዝብ በዚህ ትረካ ውስጥ ድርሻ የለውም። ሌሎች የሰጡትን የሚቀበል፣ ሌሎች የነጠቁትን የሚያጣ ዝምተኛ ሆኖ ይቀርባል። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ነባር እምነት ያላቸው የአገራችን ሕዝቦች ከክርስትና ጋር በተገናኙበት ወቅት ምን እንደሰጡ፣ ምን እንደተወሰደባቸውና ምን እንዳስቀሩ መመርመር ነው።

የአካባቢ ስም እንደ ታሪክ ሰነድ

በአዲስ አበባ ደቡባዊ ክፍል ያለውን የንፋስ ስልክ ላፍቶን አካባቢ ለምሳሌ እንውሰድ። «ንፋስ ስልክ» የሚለው መጠሪያ የገመድ አልባው ቴሌግራፍ ትዝታ ነው። የዘመናዊው መንግሥት መሣሪያ በመስኩ ላይ የተወው አሻራ ነው ማለት ይቻላል። «ላፍቶ» በኦሮምኛ ግራር ነው። በዚያው ክፍለ ከተማ የሚገኘው «መካኒሳ» ደግሞ ብሳና ማለት ነው። ከተማይቱ በ1879 ዓ.ም. ከመቆርቆሯ በፊት እዚህ አካባቢ የቱለማ ኦሮሞዎች ከብት ያሰማሩ፣ ያርሱና ይጸልዩ ነበር። ዛፉ ጥላ ብቻ አልነበረም። ሽማግሌዎች ሸንጎ የሚቀመጡት፣ የተጣላ የሚታረቀው፣ ለዋቃም ምስጋና የሚቀርበው በዛፍ ሥር ነበር።

በዚህ እምነት ዋቃ አንድ ነው፤ የሰማይና የምድር ፈጣሪ ነው። አያና ከእርሱ የሚመነጭ መንፈስ ሲሆን በሰው፣ በጎሣና በዕለታት ላይ ያድራል። ሳፉ የሚባለው ሥርዐት ሰው ከሰው፣ ሰውም ከተፈጥሮ ጋር የሚኖረውን ተገቢ ግንኙነት ይወስናል። ቃሉ የሥርዐቱ አገልጋይ ነው፤ ሹመቱም በዘር ሐረግ የሚወርድ ነው። ክረምቱ አልፎ ወንዙ ሲጎድል ሕዝቡ ለምለም ሣርና አበባ ይዞ ወደ ውኃ ዳር በመውረድ ኢሬቻን ያከብራል። ዛፉና ውኃው የሚመለኩ ይመስላቸው የነበሩ ብዙ የውጭ ጸሐፊዎች የጸሎቱን ስፍራና የጸሎቱን ባለቤት ሳይለዩ ቀርተዋል።

ሰማዩ ጠርቶ በዋለ ቀን ከደቡብ አዲስ አበባ ኮረብቶች የዝቋላ ተራራ ይታያል። በተራራው አናት ላይ ካለው የእሳተ ገሞራ ሐይቅ አጠገብ የአቡነ ገብረ መንፈስ ቅዱስ ገዳም ይገኛል። በጥቅምት 5ና በመጋቢት 5 በሚከበረው ክብረ በዓል ክርስቲያኑ ጻድቁን ሊሳለም ይወጣል። ሐይቁንና ተራራውን ከአባቶቹ በወረሰው ልማድ የሚያከብረው ኦሮሞም ወደዚያው ይወጣል። «አቦ» የሚለው ስም ከሁለቱም አንደበት ይሰማል። እንዲህ ያለው መገናኘት ከማንም ዐዋጅ የመነጨ ሳይሆን በረጅም ዘመን ጉርብትና የተፈጠረ ነው።

ነገር ግን ሁሉም መገናኘት እንደ ዝቋላ አልነበረም። በ19ኛው ምዕተ ዓመት መጨረሻ የሸዋ መንግሥት ወደ ደቡብና ወደ ምዕራብ ሲስፋፋ ደብሩ፣ ግብሩና ጠመንጃው በአንድነት ተጓዙ። ይህን መስፋፋት «ቅኝ ግዛት» ብለው የሚጠሩት አሉ፤ የአገር ግንባታ ሂደት ነው የሚሉም አሉ። ክርክሩ ዛሬም አልበረደም። ለገባሩ ግን መሬቱ ለነፍጠኛውና ለካህኑ መከፈሉ፣ ክርስትና ማንሣቱና ስሙን መለወጡ የአንድ ዘመን ክሥተቶች ነበሩ። ይህ ግንኙነት በአማርኛችን ላይ ሳይቀር ምልክት ትቷል። «ቃልቻ» የሚለው ቃል ከኦሮምኛው የመጣ ነው። በትውልድ ቋንቋው የሚያከብሩት አገልጋይ መጠሪያ የነበረው፣ ወደ ገዥው መደብ ቋንቋ ሲሻገር የአስማተኛና የአታላይ ስም ሆነ። የአንድ ቃል ትርጉም መውደቅ የባለቤቶቹን ማኅበራዊ ደረጃ መውደቅ ያሳያል።

ከባርነት የተመለሰ ቋንቋ

በአንጻሩ የዋቃ ስም ሌላ ጉዞ ተጓዘ። ዮሐን ክራፕፍ የተባለው ጀርመናዊ ሚስዮናዊ ከእ.ኤ.አ. 1839 እስከ 1842 በሸዋ ሲቀመጥ የቅዱሳት መጻሕፍትን ክፍሎች ወደ ኦሮምኛ መመለስ ጀምሮ ነበር። ቆይቶም የዐፄ ቴዎድሮስን ዜና መዋዕል የጻፉት ደብተራ ዘነብ በዚሁ ሥራ ረድተውታል። ሥራው ፍጻሜ ያገኘው ግን ከባርነት ነጻ በወጡ ሁለት ኦሮሞዎች እጅ ነው።

ኦኔሲሞስ ነሲብ በኢሉባቦር፣ ሑሩሙ በሚባል ስፍራ ተወለዱ። የልደት ስማቸው ሂካ ነበር። በሕፃንነታቸው በባሪያ ፈንጋዮች ተነጥቀው ከእጅ ወደ እጅ እየተሸጡ ምጽዋ ደረሱ። በዚያም እ.ኤ.አ. በ1870 ነጻ ወጥተው በምንኩሉ ለነበረው የስዊድን ወንጌላዊ ሚስዮን ተሰጡ፤ ተማሩ፣ ተጠመቁ፣ ወደ ስዊድንም ሄደው የትምህርተ መለኮት ትምህርት ተከታተሉ። አስቴር ጋኖ ደግሞ በሊሙ እናርያ በባርነት የኖሩ ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1886 ወደ ዐረብ አገር ሲሻገሩ የያዛቸውን ጀልባ የጣልያን መርከብ አስቁሞ ነጻ አወጣቸውና ወደ ምንኩሉ ተላኩ።

እዚህ ላይ የታሪክን ተቃርኖ ልብ ማለት ይገባል። ጣልያን ምጽዋን የያዘው በ1877 ዓ.ም. ነው፤ በ1882 ዓ.ም. ኤርትራን ቅኝ ግዛቴ ብሎ ዐወጀ። የኦሮምኛው መጽሐፍ ቅዱስ የተዘጋጀው በዚህ የቅኝ ገዥ ሰንደቅ ዓላማ ጥላ ሥር ነው። ሠሪዎቹ ግን የቅኝ ገዥው ሰዎች አልነበሩም፤ የሚሠሩበት ጥሬ ዕቃም ከአውሮፓ የመጣ አልነበረም። ኦኔሲሞስ ከአገራቸው በሕፃንነት የተነጠቁ በመሆናቸው የእናት ቋንቋቸው በቂ አልሆነላቸውም። ክፍተቱን የሞሉት አስቴር ናቸው። ቃላትን ሰበሰቡ፤ በልጅነታቸው የሰሟቸውን ወደ 500 የሚጠጉ ተረቶች፣ ምሳሌያዊ አነጋገሮች፣ እንቆቅልሾችና ዘፈኖች ከትዝታቸው ጻፉ። ከዚህም የተወሰነው እ.ኤ.አ. በ1894 በታተመው የኦሮምኛ ማንበቢያ ውስጥ ገባ። ዐዲስ ኪዳን እ.ኤ.አ. በ1893፣ ሙሉው መጽሐፍ ቅዱስ እ.ኤ.አ. በ1899 ታተመ፤ ሙሉው የታተመው በባዜል አጠገብ በቅድስት ክሪሾና፣ በግዕዝ ፊደል ነበር።

ተርጓሚዎቹ የእግዚአብሔርን ስም ሲያስገቡ ከዕብራይስጥ ወይም ከግዕዝ አልተዋሱም። ዋቃን፣ ዋቀዮን ጻፉ። ዛሬ በኦሮምኛ የሚያነብ ክርስቲያን ጸጋን «አያና»፣ ኃጢአትን «ጩቡ» ሲል በነባሩ እምነት ቃላት ይጸልያል። ስለዚህ ነባሩ እምነት ተሸንፎ ጠፋ የሚለው አስተያየት ያልተሟላ ነው። ምእመናን ቢያጣም መዝገበ ቃላቱን አውርሷል። በሌላ በኩል ውርሱ ያለ ኪሣራ የተፈጸመ አልነበረም። «አያና» በአዲሱ መጽሐፍ ሲጠበብ ከጎሣና ከዕለታት ጋር የነበረው ሰፊ ትርጉም ወደ ጎን ቀርቷል።

ኦኔሲሞስ እ.ኤ.አ. በ1904 ወለጋ ገብተው በነቀምት በኦሮምኛ ማስተማር ሲጀምሩ በካህናት ተከሰሱ። ጉዳዩ እስከ አዲስ አበባ ደርሶ ዐፄ ምኒልክ ወደ ነቀምት እንዲመለሱ ፈቀዱላቸው፤ መስበክ ግን ተከለከሉ። ከባርነት ያመለጠው ቋንቋ በገዛ አገሩ ፈቃድ መጠየቅ ነበረበት። ኦኔሲሞስ ሰኔ 14 ቀን 1923 ዓ.ም. ዐረፉ።

ይህ ታሪክ በአህጉሩ ብቸኛ አይደለም። ሳሙኤል አጃዪ ክራውዘር ከባሪያ መርከብ እ.ኤ.አ. በ1822 ነጻ የወጡ የዮሩባ ተወላጅ ነበሩ፤ እ.ኤ.አ. በ1864 ጳጳስ ሆኑ፣ መጽሐፍ ቅዱስንም ወደ ዮሩባ ቋንቋ በመመለሱ ሥራ ግንባር ቀደም ነበሩ። የሰማዩ ጌታ ኦሎሩን በዚያ መጽሐፍ ውስጥ ስሙን እንደያዘ ገባ። በኬንያ ኪኩዩዎች ንጋይ የሚለው ነባር ስም የክርስቲያኖችም አምላክ ስም ሆነ። እ.ኤ.አ. በ1892 በፕሪቶሪያ ማንጌና ሞኮኔ ከነጮች አመራር ተለይተው ያቋቋሙትን ቤተ ክርስቲያን «የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን» ብለው ሰየሙት። በቅኝ አገዛዝ ሥር ላለው አፍሪካዊ የአገራችን ስም ያለ ነጭ ጌታ ማምለክ እንደሚቻል ማስረጃ ነበር።

የፋሺስቱ ጥይት ያልለያቸው

ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. ያለው የፋሺስት ወረራ የዚህን ጥያቄ እርቃን አወጣው። ጥቅምት 17 ቀን 1928 ዓ.ም. የሚላኖው ካርዲናል ሹስተር በካቴድራሉ ባሰሙት ስብከት የጣልያን ጦር ለካቶሊክ እምነትና ለሮማ ሥልጣኔ የኢትዮጵያን በር እየከፈተ ነው በማለት ባረኩት። በሩ የተከፈተባት አገር ግን ከ4ኛው ምዕተ ዓመት ጀምሮ ክርስቲያን ነበረች። ሐምሌ 22 ቀን 1928 ዓ.ም. አቡነ ጴጥሮስ በአዲስ አበባ አደባባይ በጥይት ተደበደቡ። ግንቦት 1929 ዓ.ም. የደብረ ሊባኖስ መነኮሳት፣ ዲያቆናትና ምእመናን ተጨፈጨፉ። ግራዚያኒ ራሱ በመጀመሪያው ሪፖርቱ የ297 መነኮሳትን መረሸን ገልጿል፤ የኋላ ጥናቶች የሟቾቹን ቁጥር ከ1,800 በላይ ያደርሱታል።

ይህ በየትምህርት ቤቱ የሚነገር ነው። እምብዛም የማይነገረው ሌላ ግድያ አለ። የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. በግራዚያኒ ላይ ቦምብ ከተወረወረ በኋላ የጣልያን አገዛዝ ሊያበቃ ነው የሚል ወሬ በሕዝቡ መካከል ይናፈስ ነበር። ግራዚያኒ መጋቢት 10 ቀን ወደ ሮም በላከው ቴሌግራም በአዲስ አበባና በአካባቢዋ ያሉ ጠንቋዮች፣ ትንቢት ተናጋሪዎችና በየመንገዱ ታሪክ የሚያወሩ ሰዎች ሁሉ እንዲያዙና እንዲረሸኑ ማዘዙን አስታወቀ፤ እስከዚያች ዕለትም 70 ሰዎች ተይዘው ተወግደዋል አለ።

ይህን ቴሌግራም የኪነ ጥበብ ሰው በጥሞና ሊመለከተው ይገባል። ቅኝ ገዥው የፈራው ማንን ነበር? የነገን ቀን የሚናገረውን፣ የትናንትን የሚተርከውን ነበር። በወራት ልዩነት ጳጳሱ፣ መነኩሴው፣ ባለ አውልያውና ተራኪው በአንድ ጠላት እጅ ወደቁ። ካህኑ በሰላሙ ጊዜ ጠንቋዩን ያወግዝ ነበር፤ ጠንቋዩም ካህኑን ይሸሽ ነበር። ወራሪው ይህን ልዩነት አላወቀላቸውም። ሁለቱም ሕዝቡ የሚያደምጣቸው ስለነበሩ ሁለቱም የሚገደሉ ሆኑ።

በወላይታ ደግሞ የተለየ ነገር ታየ። የሱዳን የውስጥ ሚስዮን በ1920 ዓ.ም. ሶዶ ገብቶ ነበር። በዚያው ዘመን አካባቢ ኤሳ ላሌ የተባሉ የጋሞ ሰው በየአገሩ እየዞሩ ለመናፍስት መሠዋት ቀርቶ አንዱ ጦሳ ብቻ እንዲመለክ ይሰብኩ ነበር። ጦሳ የነባሩ እምነት የሰማይ አምላክ ነው። ጣልያን በ1929 ዓ.ም. ሚስዮናውያኑን ሲያስወጣ የተጠመቁት 48 ሰዎች ብቻ ነበሩ። መሪዎቻቸው ታሰሩ፣ ተገረፉ። ይሁን እንጂ ሚስዮናውያኑ ከነጻነት በኋላ ሲመለሱ በራሳቸው ቆጠራ 10,000 ያህል አማኞች አገኙ። የውጭ አስተማሪው በሌለበት እምነቱ የተስፋፋው የአገሬው ሰው በአገሬው ቋንቋ፣ ቀድሞ በሚያውቀው በጦሳ ስም ስለሰበከው ነው።

ከነጻነት ወዲህ

ከድል በኋላ የወጣው የ1936 ዓ.ም. የሚስዮኖች ደንብ አገሪቱን ለሚስዮን «ክፍት» እና «ዝግ» በሆኑ አካባቢዎች ከፈለ፤ የማስተማሪያው ቋንቋ አማርኛ እንዲሆን ደነገገ። የኢትዮጵያ ወንጌላዊት ቤተ ክርስቲያን መካነ ኢየሱስ ጥር 13 ቀን 1951 ዓ.ም. ተቋቋመች፤ የመካነ ኢየሱስ ሴሚናሪም በመካኒሳ ተከፈተ። በብሳና ስም በተጠራ ምድር ላይ፣ የአባቶቻቸው ዋቃ በመጽሐፍ የተጻፈላቸው ወጣቶች ትምህርተ መለኮት ተማሩ።

የ1966ቱ አብዮት የሃይማኖቶችን እኩልነት ዐወጀ። መንግሥትና ቤተ ክርስቲያን መለያየታቸው ትልቅ እርምጃ ነበር። ሆኖም ዐዋጁና ተግባሩ አልተጣጣሙም። የቃሉ ሥርዐት «ኋላ ቀር ልማድ» ተብሎ ተወገዘ፤ የወንጌላውያን አብያተ ክርስቲያናት ተዘጉ፤ የመካነ ኢየሱስ ዋና ጸሐፊ የነበሩት ቄስ ጉዲና ቱምሳ ሐምሌ 21 ቀን 1971 ዓ.ም. ታፍነው ተገደሉ። ገዥዎች በተለዋወጡ ቁጥር የሚወገዘው ወገን ቢለዋወጥም፣ ሕዝቡ የሚያደምጠውን ሰው መፍራት አልተለወጠም።

በመስከረም 2012 ዓ.ም. ኢሬቻ በአዲስ አበባ ከረጅም ዘመን መቋረጥ በኋላ በአደባባይ ተከበረ። ለምለም ሣር ይዘው ከወጡት መካከል ዋቄፈታዎች ነበሩ፤ ኦርቶዶክሶች፣ ወንጌላውያንና ሙስሊሞችም ነበሩ። በዓሉ የእምነት ነው ወይስ የባህል የሚለው ክርክር በየቤተ እምነቱ ተነሥቷል። ክርክሩ የሚያሳየው የአባቶች ሥርዐት ዛሬም ለሰዎች ጠቃሚ ጥያቄ መሆኑን ነው።

ከዚህ ሁሉ ለመምህሩና ለኪነ ጥበብ ሰው የሚደርስ ሥራ አለ። በመድረካችንና በልብ ወለዶቻችን ውስጥ ባለ አውልያው ዘወትር የሚያጭበረብር፣ የሚያስፈራ፣ መጨረሻ ላይ የሚዋረድ ገጸ ባሕርይ ነው። ይህ ሥዕል ከምን እንደመጣ ልንጠይቅ ይገባል። ብዝበዛን መንቀፍ ተገቢ ነው፤ ካህንም ይሁን ቃሉ የድኻውን በሬ ሲበላ ሊነቀፍ ይገባዋል። ነገር ግን አንድን ሥርዐት ከነቃላቱና ከነፍልስፍናው ማዋረድ የገዥውን ሥራ መቀጠል ነው።

መምህሩ ተማሪዎቹን የሰፈራቸውን ስም ትርጉም ይጠይቃቸው። የላፍቶን ግራር፣ የመካኒሳን ብሳና፣ በየወንዙ ዳር ይጸለይ የነበረውን ጸሎት የሚያስታውሱ ሽማግሌዎችና ባልቴቶች በየመንደሩ ይፈለጉ፤ ቃላቸው በድምፅ ይቀረጽ፣ በጽሑፍ ይመዝገብ። አስቴር ጋኖ ያን ሁሉ ተረትና እንቆቅልሽ ያዳኑት ከባርነት በተረፈ ትዝታቸው ብቻ ነው። ዛሬ እጃችን ላይ ከዚያ የበዛ መሣሪያ አለ፤ ዛፎቹ ግን ተቆርጠዋል፣ የሚያስታውሱት ሰዎችም በየዓመቱ እያነሱ ነው።