ያልፈነዱ ተተኳሾችና ሊወሰድ የሚገባው ጥንቃቄ

በአማራ ክልል የኦሮሞ ብሔረሰብ ዞን ዋና ከተማ ከሚሴና አካባቢዋ በ2014 ዓ.ም. በጥቅምትና በኅዳር ወራት የጦርነት ቀጣና ነበሩ። በውጊያ ተተኩሰው ያልፈነዱ የሞርታርና የመድፍ ጥይቶች እንዲሁም የእጅ ቦምቦች ከዓመታት በኋላም በእርሻና በግጦሽ መሬት ሊገኙ ይችላሉ።

ተተኳሹ ሳይፈነዳ የሚቀረው በአብዛኛው አቀጣጣይ ክፍሉ በአግባቡ ባለመሥራቱ ሲሆን፣ በውስጡ ያለው ፈንጂ ኃይሉን እንደያዘ ይቆያል። መዛጉም አደጋውን አያስቀርም። ስለሆነም ማንሳት፣ መምታት፣ ማቃጠልም ሆነ ለውዳቂ ብረት መሸጥ አይገባም። ያገኘ ሰው በመጣበት ዱካ ተመልሶ ለፖሊስ ማሳወቅ አለበት።

የቀበሌ ኃላፊዎችም ነዋሪው ያገኘውን ተተኳሽ ወደ ጽሕፈት ቤት እንዲያመጣ ማዘዝ የለባቸውም። ድርሻቸው ሰውና እንስሳት ወደ ስፍራው እንዳይጠጉ ማድረግና የመከላከያ ሠራዊት ባለሙያዎች እንዲደርሱ ማሳወቅ ነው፤ ማምከን የሠለጠነ ባለሙያ ሥራ ነውና።