የአቤሜሌክ በለስና የደብረ ታቦር ዘመን፦ ጊዜ በትረካ የሚለወጥበት ሕግ

ጊዜን የሚያቆምና የሚያዘልል ትረካ ወደ አገራችን የገባው ከባሕር ማዶ የሳይንስ ልብ ወለድ ጋር ነው ሲባል ሰምቻለሁ። የግእዝ መጻሕፍትን ለሚያውቅ አንባቢ ግን ነገሩ እንዲህ አይደለም። በነዚህ መጻሕፍት ውስጥ ጊዜ ይቆማል፤ ይዘለላልም። ይሁን እንጂ የሚቆመው በዘፈቀደ ሳይሆን በሕግ ነው። በዚህ አጭር ጽሑፍ ሕጉን ከተረፈ ባሮክ ለማውጣትና፣ ስለ ዐፄ ቴዎድሮስ ዘወትር የምንናገረውን አንድ አባባል በሱ ለመመዘን እሞክራለሁ።

ኤርምያስን ከጉድጓድ ያወጣው ኢትዮጵያዊው አቤሜሌክ የኢየሩሳሌምን ጥፋት አይቶ እንዳያዝን ነቢዩ ፈጣሪውን ይለምናል። አቤሜሌክ በለስ እንዲያመጣ ወደ አግሪጳ የወይን ቦታ ይላካል፤ ሲመለስ ከዛፍ ጥላ ሥር ዐረፍ ይልና እንቅልፍ ይወስደዋል። ሲነቃ ጥቂት ያሸለበ ይመስለዋል፤ በለሱም ገና ወተቱን ያንጠባጥባል። ከተማ ሲገባ ግን ቤቱንም ዘመዱንም ያጣል። መንገድ የሳተ መስሎት ተመልሶ ይወጣል። የሆነውን የሚያስረዳው አንድ ሽማግሌ ነው፦ ሕዝቡ ከተማረከ 66 ዓመት ሆኖታል፤ ወሩም የበለስ ወር አይደለም።

ከዚህ ትረካ አራት ድንጋጌዎች ይወጣሉ። አንደኛ፣ ጊዜን የሚያቆመው የጊዜ ባለቤት ብቻ ነው፤ አቤሜሌክ አልጠየቀም፣ አላወቀምም። ሁለተኛ፣ የሚቆመው የአንዱ ሰውና የያዘው ነገር ጊዜ እንጂ የዓለም ጊዜ አይደለም። ሦስተኛ፣ ያለፈው አይሻርም፤ አቤሜሌክ ሐዘኑን ሳያይ ቀረ እንጂ ሐዘኑን አላስቀረውም። አራተኛ፣ ምስክር ያስፈልጋል፤ ይኸውም በለሱ ነው። ስንክሳር ነሐሴ 20 ቀን በሚያስታውሳቸው በሰባቱ የኤፌሶን ወጣቶች ታሪክ ደግሞ ምስክሩ የንጉሥ ዳኬዎስ ገንዘብ ነው። እንግሊዛዊው ኤች ጂ ዌልስ እ.ኤ.አ. በ1895 ባሳተመው የጊዜ ተጓዥ ልብ ወለድም ሰውየው ከሩቅ ዘመን የሚመለሰው ሁለት ነጫጭ አበቦች ይዞ ነው። የሱ አበቦች ጠውልገዋል፤ የአቤሜሌክ በለስ ግን እንደ ለመለመ ነው።

የደብረ ታቦር ከተማም ስሟ ከዚህ ዓይነቱ ትረካ የራቀ አይደለም። ነሐሴ 13 ቀን በሚከበረው በዓል፣ የሞተው ሙሴና ያልሞተው ኤልያስ በአንድ ተራራ ላይ ተገናኝተዋልና። ራስ ጉግሣ መቀመጫቸው ያደረጓት ይህች ከተማ ኋላ የዐፄ ቴዎድሮስ ሆነች። ቋረኛው ካሣ በየካቲት 1847 ዓ.ም. በደረስጌ ማርያም ሲነግሡ የያዙት ስም ከፍካሬ ኢየሱስ የመጣ ነው። በመጽሐፉ ትንቢት መሠረት ቴዎድሮስ የሚባል ጻድቅ ንጉሥ ከመከራ ዘመን በኋላ ከምሥራቅ ይነሣል። ቋራ ግን ምዕራብ ነው። ስሙ ተወሰደ፤ አቅጣጫው ቀረ።

ከዚያ ወዲያ ያለውን ታሪክ በአራቱ ድንጋጌዎች ስመለከተው፣ ቴዎድሮስ የተነገረለትን ዘመን በገዛ እጃቸው ለማምጣት የተነሡ ሰው ሆነው አገኛቸዋለሁ። ምስክሩንም ራሳቸው አሠሩት። ከደብረ ታቦር አጠገብ በጋፋት፣ አውሮፓውያን የእጅ ባለሙያዎች ወደ 7 ቶን የሚገመተውን ሴባስቶፖልን አቀለጡላቸው። በጥቅምት 1860 ዓ.ም. ከተማዪቱን አቃጥለው፣ መድፉን በሰው ጉልበት እያስጎተቱ፣ ተራራ እያስቆፈሩና መንገድ እያስጠረጉ ወደ መቅደላ ሄዱ። መጋቢት ላይ ደረሱ፤ ሚያዝያ 6 ቀን ሞቱ። መድፉ ዛሬም እዚያው አለ፤ ያለ ወሩ እንደ ተገኘ በለስ።

ከግርማቸው ተክለ ሐዋርያት ተውኔት አንሥቶ እስከ ብርሃኑ ዘሪሁን «የቴዎድሮስ ዕንባ» ድረስ የዘመናዊ ሥነ ጽሑፋችን ታላላቅ ደራስያን በኚህ ንጉሥ ላይ ጽፈዋል። እኛም በየክፍሉና በየመድረኩ «ከዘመኑ የቀደመ» ማለት ለምደናል። አባባሉ ለምስጋና የታሰበ ነው፤ ነገር ግን ሁለተኛውንና ሦስተኛውን ድንጋጌ ይጥሳል። ንጉሡን ከዘመናቸው ሲያወጣ፣ በዚያው ዘመን የኖሩትን ከዓይናችን ያርቃል። በ1859 ዓ.ም. ጎንደር ስትቃጠል፣ ቤጌምድር ሲዘረፍ፣ በማግሥቱ ዓመትም ደብረ ታቦር ዐመድ ስትሆን፣ ገበሬው ከዘመኑ አልቀደመም፤ ከዘመኑም አላመለጠም። እያንዳንዱን ቀን ነቅቶ ኖሮታል። ለሱ ከዛፍ ጥላ ሥር የተዘጋጀ እንቅልፍ አልነበረም።

ይህን ስል የቴዎድሮስን ታላቅነት ለመካድ አይደለም። አገር አንድ የማድረግ ሐሳባቸው የዚያው የዘመነ መሳፍንት ልጅ ነው፤ መከፋፈሉ የወለደው እንጂ ከወደፊት የመጣ አይደለም። ታላቅነታቸውም ውድቀታቸውም በዘመናቸው ውስጥ ሊመዘን ይገባል። ለዚህ ደግሞ ተረፈ ባሮክ የተመራማሪውን ወንበር ለይቶ አስቀምጦልናል። እሱም የአቤሜሌክ ሳይሆን የሽማግሌው ወንበር ነው። ሽማግሌው በበለሱ ትኩስነት ተደንቆ ዝም አላለም፤ ዓመቱን ቆጠረ፣ ወሩን ተናገረ፣ እርሻውንም አመለከተ።