ማጎኒያና ዓሥራት፤ ስለ አጎባርድ ዘሊዮን የበረዶና የነጐድጓድ ድርሳን

በ9ኛው መቶ ዓመት መባቻ በሊዮን ከተማና በአካባቢዋ ይኖር የነበረው ሕዝበ ክርስቲያን፥ ባላባቱም ሆነ ገባሩ፥ ከተሜውም ሆነ ባላገሩ፥ ሽማግሌውም ሆነ ወጣቱ፥ ነጐድጓድ በሰማ ቍጥር ዐውሎው በአስማተኛ ድግምት የተነሣ ነው ብሎ ያምን እንደ ነበረ፥ ከዚያም አልፎ ማጎኒያ ከምትባል አገር በደመና ላይ የሚቀዝፉ መርከቦች መጥተው በረዶ የመታውን እህል ጭነው እንደሚመለሱ፥ የአየሩም መርከበኞች ዐውሎውን ላስነሣላቸው አስማተኛ ዋጋውን እንደሚቈርጡለት ብዙዎች ያወሩ እንደ ነበረ የምናውቀው፥ ኋላ በ840 ዓ.ም. የዚያች ከተማ ሊቀ ጳጳስ ሆኖ የሞተው አጎባርድ ስለ በረዶና ስለ ነጐድጓድ ከጻፈው ድርሳን ነው። (በዚህ መጣጥፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።)

ድርሳኑ 16 አጫጭር ምዕራፎች አሉት፤ የአጎባርድን ሥራዎች የያዘውን ብራና ፓፒር ማሶን የተባለ ፈረንሳዊ ሊቅ በ1605 ዓ.ም. በሊዮን ከተማ ከአንድ መጽሐፍ ጠራዥ ቤት፥ ሊቈራረጥ ሲል ደርሶ ባይገዛው ኖሮ ስለ ማጎኒያ የምንከራከርበት ነገር ባልኖረ ነበር። ከዚያ ወዲህ የተጻፈውን ሁሉ መዘርዘር አያስፈልግም። ሞንፎኮን ደ ቪላር የተባለው ቄስ በ1670 ዓ.ም. መርከበኞቹን የአየር መናፍስት አድርጎ በልብ ወለዱ አስገብቷቸዋል፤ ያኮብ ግሪም በ1835 ዓ.ም. የጀርመንን ጥንታዊ አፈ ታሪክ ሲያጠናቅር ወሬውን ከአረማውያን ዘመን ቅሬታ ጋር ቈጥሮታል፤ ፖል ደተን በ1995 ዓ.ም. ፊቱን ወደ ገበሬው ኑሮ መልሷል፥ መልካምም አድርጓል። ከእነዚህ ጋር ጠብ የለንም።

ጠባችን በ1875 ዓ.ም. የመካከለኛውን ዘመን ሃይማኖታዊ አብርሆት ታሪክ መጻፍ ከጀመረው ከሄርማን ሮይተርና፥ በ1884 ዓ.ም. ተመሳሳዩን መንገድ ከተከተለው ከእንግሊዛዊው ሬጂናልድ ሌን ፑል ጋር ነው። እነዚህ ሁለት ሊቃውንት አጎባርድን በጨለማ ዘመን መካከል የበራ ፋና፥ በአእምሮው ብርሃን ከወገኖቹ ተለይቶ የቆመ ፈላስፋ አድርገው ሥለውታል። ለዚህ አስተያየት መነሻ የሚሆነው በ2ኛው ምዕራፍ የተተረከው ነገር ነው፤ ይኸውም ከአየር መርከብ ወደቁ የተባሉ ሦስት ወንዶችና አንዲት ሴት ለጥቂት ቀናት በሰንሰለት ታስረው ከቈዩ በኋላ፥ በድንጋይ ይወገሩ ዘንድ በጉባኤ ፊት በቀረቡ ጊዜ፥ አጎባርድ በዚያ ሆኖ ብዙ ተከራክሮ፥ እውነት ረትታ፥ ያቀረቧቸው ሰዎች ማፈራቸውን የሚናገረው ነው። በ7ኛው ምዕራፍ ደግሞ አስማተኛ ዐውሎ ሲያስነሣ አይቻለሁ ያለውን ሰው አጥብቆ ሲመረምረው፥ ሰውዬው የአድራጊውን ስም፥ ቦታውንና ጊዜውን ቈጥሮ ሲያበቃ፥ እኔ ግን በስፍራው አልነበርሁም ብሎ አመነ። ይህን ያነበበ ሰው የዘመናችንን ዳኛ ያየ ቢመስለው አይፈረድበትም፤ ሊቅ ግን ከ7ኛው ምዕራፍ በኋላም ማንበብ ነበረበት።

በመጀመሪያ፥ አጎባርድ በረዶ ከምን እንደሚፈጠር አንድም ቦታ በጠባይዓዊ ምክንያት አያስረዳም። ማስረጃው ሁሉ ከኦሪት ዘፀአት፥ ከመጽሐፈ ኢያሱ፥ ከኢዮብ፥ ከመዝሙረ ዳዊትና ከመሳሰሉት ቅዱሳት መጻሕፍት የተለቀመ ነው፤ ፍሬ ነገሩም በረዶን የሚያወርድ እግዚአብሔር ብቻ ነው የሚል ነው። ከዚህም በላይ፥ በሳሙኤል ጸሎት ነጐድጓድ እንደ መጣ፥ ሙሴ በትሩን ሲዘረጋ በረዶ እንደ ወረደ አጥብቆ ይመሰክራል። እንግዲህ ሰው ዐውሎን ሊያመጣ አይችልም ሳይሆን፥ ያልተፈቀደለት ሰው ሊያመጣ አይችልም ማለቱ ነው። ድርቅ በሆነ ጊዜ አስማተኞቻችሁ ዝናም አውርደው እርሻችሁን ስለ ምን አያጠጡላችሁም ብሎ መጠየቁ ጥሩ ክርክር መሆኑ አይካድም፤ ግን የስብከት ክርክር ነው፥ ለእንዲህ ያለው ክርክር ደግሞ ነቢዩ ኤልያስ የበዓልን ነቢያት ሲገጥም ቀድሞታል።

ሁለተኛውና ዋናው ነገር በ15ኛው ምዕራፍ ይገኛል፤ ክብደቱን ሮይተርም ፑልም አልመዘኑትም። በዚያ እንደምናነበው፥ በብዙ ስፍራ ዐውሎ ማምጣት ባንችልም የአገሬውን ሰብል ከዐውሎ መጠበቅ እንችላለን የሚሉ ሰዎች ነበሩ፤ ገበሬውም ከምርቱ ስንት እንደሚሰጣቸው በልክ ተወስኖ ነበር፤ ይህንም ግብር ካኖኒኩም ይሉታል። አጎባርድ የሚቈጣው እዚህ ላይ ነው፤ ስብከት እየሰሙ፥ ንባብ እየተነበበላቸው፥ እየተመከሩም ለካህናት ዓሥራትን በፈቃዳቸው የማይሰጡ፥ ለመበለትና ለእጓለ ማውታ ምጽዋት የማይዘረጉ ሰዎች፥ ማንም ሳይሰብካቸውና ሳይመክራቸው ለበረዶ ጠባቂዎቹ ግብሩን ደስ ብሏቸው ያገባሉና።

ዓሥራት በፍራንኮች አገር በንጉሥ ትእዛዝ ግዴታ የሆነው ሻርለማኝ በ779 ዓ.ም. በሄርስታል ባወጣው ደንብ ነው፤ አጎባርድ ሲጽፍ ገና የአንድ ትውልድ ዕድሜ ቢኖረው ነው። ያው ንጉሥ በ789 ዓ.ም. ዐውሎ አስነሺዎችን ከልክሏል፤ በዚያው ዓመት ደግሞ ደወል ማጥመቅንና ስለ በረዶ ክታብ በእንጨት ላይ መስቀልን አግዷል። ደወል የሚያጠምቅ ማን ነው? ባላገሩ አይደለም፤ ክታቡንም የሚጽፈው ፊደል የቈጠረ ሰው ነው። በረዶን ማራቅ በቤተ ክህነት ደጅ የሚሠራ ሥራ ነበረ፤ ከአንድ ጎተራ የሚቀዳ ሁለት ግብር በተጋጠመ ጊዜም ሊቀ ጳጳሱ ብዕሩን አነሣ። ከአንድ ድርሳን ብቻ ተነሥቶ የሰውን ልብ መርምሬ አገኘሁ ማለት ድፍረት መሆኑን አንዘነጋም፤ ቢሆንም የድርሳኑ ቍጣ በገንዘብ ነገር ላይ ሲደርስ እንደሚግል ማንም አንባቢ ይመለከታል።

የ15ኛው ምዕራፍ ነገር ከመንገድ የወጣ ወሬ ነው የሚሉ ይኖራሉ፤ ሰባኪ ዋናውን ተግሣጽ መጨረሻ ላይ እንደሚያኖረው ግን የትኛውንም ስብከት የሰማ ያውቃል። አራቱን እስረኞች ማዳኑ አእምሮውን ያሳያል ለሚሉትም፥ ምሕረትና ፍልስፍና አንድ አይደሉም ማለት ይበቃል፤ ይኸው እጅ በሊዮን አይሁድ ላይ መራራ ድርሳናትን ጽፏልና።

የቀረው 16ኛው ምዕራፍ ነው፤ የሮይተር ወገኖችም ብርቱ ምሽግ ይህ ነው። ጥቂት ዓመታት ቀድሞ ከብት ባለቀ ጊዜ፥ የቤኔቬንቶው መስፍን ግሪሞአልድ ሻርለማኝን ስለ ጠላ መርዛም ትቢያ አስይዞ ሰዎችን ልኳል ተብሎ ብዙዎች ተያዙ፤ ከእነርሱም የተገደሉ፥ በሳንቃም ላይ ታስረው ወደ ወንዝ የተጣሉ ነበሩ። አጎባርድ ትቢያው ሌላውን እንስሳ ትቶ ከብትን ብቻ እንዴት ይገድላል፥ የቤኔቬንቶ ሰው ወንድ ሴት ሳይባል እያንዳንዱ ሦስት ሦስት ጋሪ ትቢያ ይዞ ቢወጣ እንኳ ይህን ሁሉ አገር እንዴት ያዳርሳል ብሎ ይጠይቃል። እስከዚህ ድረስ ፑል በደስታ ይከተለው። ግን የተያዙት ሰዎች ራሳቸው ትቢያው አለን፥ በትነናልም ብለው መመስከራቸውን ሲያነሣ፥ ቃሉን ድብደባው ወይም ፍርሃቱ አወጣው አይልም፤ ይልቁንም ድብደባም ሥቃይም ሞትም በራሳቸው ላይ በሐሰት ከመመስከር እንዳልከለከላቸው ይናገራል፤ በእግዚአብሔር ስውር ፍርድ ዲያብሎስ በእነርሱ ላይ ሥልጣን ተቀብሎ በገዛ ነፍሳቸው ላይ ሐሰተኛ ምስክር አደረጋቸው ብሎ ያልፋል።