ስድስት ጊዜ ማዞር

የሃሪ ፖተርን ሦስተኛ መጽሐፍ ያነበበ ሁሉ የሄርማዮኒን የአንገት ሐብል ያስታውሳል። ጫፉ ላይ ትንሽ የአሸዋ ሰዓት ተንጠልጥሏል። አንዴ ቢያዞሩት አንድ ሰዓት፣ ሁለቴ ቢያዞሩት ሁለት ሰዓት ወደ ኋላ ይመልሳል። ልጅቷ በዚህ ዕቃ እየታገዘች በአንድ ሰዓት ሁለት ክፍል ገብታ ትማራለች።

እኔ ይህን ዕቃ ከልቤ የተመኘሁት ባሕር ዳር አንድ የተዘጋ በር ላይ ቆሜ ነው። ያደግኩት ደቡብ ጎንደር፣ አንበሳሜ ነው። ለነጻ ትምህርት ፈተና ተመዝግቤ ስልኬ ላይ «8:00» የሚል መልእክት ደረሰኝ። ስምንት ሰዓት ማለት ለኔ ከምሳ በኋላ ነው። ጠዋት ተረጋግቼ ቁርሴን በላሁ፣ ሚኒባስ ያዝኩ፣ እንዲያውም ቀደም ብዬ ደረስኩ። ለካ ሰዎቹ የጻፉት በፈረንጅ ሰዓት ኖሯል፤ ፈተናው የተጀመረው ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ ነው። ስድስት ሰዓት ዘግይቻለሁ። ስድስት ጊዜ ማዞር ብቻ ነበር የሚያስፈልገኝ።

ማታ ቤት ስገባ ታሪኩን ለአጎቴ ነገርኩት። ጋሼ በልጅነቱ የአብነት ትምህርት ቤት ያለፈ ሰው ነው። መጀመሪያ ሳቀብኝ፤ ቀጥሎ ስለ አሸዋ ሰዓቱ ሳወራለት ዝም ብሎ ሰማኝና «ወደ ኋላ መሄዱማ ቀላል ነው፤ ማረም ነው የማይቻለው» አለኝ። ደብተርና እስክርቢቶ አስመጣና «የት ልውሰድህ?» አለ።

«1860 ዓ.ም.» አልኩት። የኛ አገር ልጅ ሌላ ምን ይላል? ደብረ ታቦር አጠገብ ጋፋት አለ። የአውሮፓ ባለሙያዎች ሴባስቶፖልን ለአፄ ቴዎድሮስ ያቀለጡት እዚያ ነው። 7 ቶን ገደማ ይመዝናል የሚባለው ያ መድፍ በ1860 ዓ.ም. መጀመሪያ ከደብረ ታቦር ተነሥቶ፣ መንገድ እየተጠረገለት፣ በሰው ጉልበት እየተጎተተ መቅደላ ድረስ ተጓዘ። ወራት ፈጀ።

ጋሼ ማስላት ጀመረ። መሣሪያው ባሕረ ሐሳብ ይባላል። የቤተ ክርስቲያን ትውፊት ቀመሩን ለእስክንድርያው ሊቀ ጳጳስ ለድሜጥሮስ ይሰጣል። እናንተም ስልካችሁን አስቀምጡና አብራችሁ ሥሩት።

5500 ሲደመር 1860፣ ዓመተ ዓለሙ 7360። ይህን ለ4 ስታካፍሉት 1840 ይደርሳል፤ ምንም አይተርፍም፤ ስለዚህ ዘመኑ ዘመነ ዮሐንስ ነው። 7360 እና 1840 ሲደመሩ 9200፤ በ7 ስትገድፉት 2 ይተርፋል። 1 ማክሰኞ፣ 2 ረቡዕ ነውና መስከረም 1 ረቡዕ ዋለ ማለት ነው።

አሁን ወደ ጨረቃዋ። 7360ን በ19 ስትገድፉት 7 ይተርፋል፤ አንዱን ለዘመን ትታችሁ ወንበሩ 6። 6 በ19 ሲባዛ 114፤ በ30 ሲገደፍ 24። ይህ መጥቅዕ ነው። ከ14 ስለሚበልጥ መስከረም 24 ላይ ይውላል። መስከረም 1 ረቡዕ ከሆነ 24 ዓርብ ነው። የዓርብ ተውሳክ 2 ነው፤ 24 እና 2፣ 26። ጾመ ነነዌ ጥር 26 ገባች። የፋሲካ ተውሳክ 9 ነው፤ 26 እና 9፣ 35። 30ውን የመጋቢት ወር ይወስደዋል፤ 5 ይቀራል።

«ፋሲካ ሚያዝያ 5 ነበር» አለና እስክርቢቶውን አስቀመጠ።

እኔ ግን ቁጥሩ ላይ ቀረሁ። ቴዎድሮስ የሞቱት ሚያዝያ 6 ቀን መሆኑን ከትምህርት ቤት ጀምሮ አውቀዋለሁ። ከፋሲካ ማግስት እንደሆነ ግን ልብ ብዬው አላውቅም ነበር። ወደ ኋላ ቆጠርኩ። የእሮጌው ውጊያ ሚያዝያ 3 ነው፤ ዓርብ፣ ስቅለት። ያ ሁሉ ሰው ያለቀው በስግደት ቀን ነው።

የፈረንጆቹን መዝገብ ብታዩም ያው ነው፤ ኤፕሪል 10 ቀን 1868፣ የስቅለት ዓርብ ይላል። ይህ እንግዳ ነገር ነው። በ1582 በነሱ አቆጣጠር ጳጳሱ ጎርጎርዮስ 13ኛ አሥር ቀን ከካላንደሩ ቆርጠው ጥለው ነበር፤ ከኦክቶበር 4 ማግስት ኦክቶበር 15 ሆነ። እውነተኛ ጊዜ አዟሪ ከፈለጋችሁ እሳቸው ናቸው። ከዚያ ወዲህ የነሱና የኛ ፋሲካ ብዙ ጊዜ አይገናኝም። በዚያ ዓመት ግን ተገናኘ። ከላይና ከታች የሚዋጉት ሁለቱ ሠራዊቶች በአንድ ቀን ሰቀሉ፣ በአንድ ቀን ፈሰኩ።

ለዚህ ነው ቴዎድሮስ በፋሲካ ዕለት ለጄኔራል ናፒየር ላምና በግ መላካቸው የሚገባኝ። ጾም ያስፈታ የነበረ አስታራቂ ስጦታ ነው፤ በኛ አገር በዓልን ተገን አድርጎ የሚመጣ ይቅርታ አይመለስም። ስጦታው ግን ተቀባይነት አላገኘም። በማግስቱ እንግሊዞች አምባውን ሰበሩ፤ ንጉሡም በገዛ ሽጉጣቸው ሕይወታቸውን አጠፉ። ሴባስቶፖል ዛሬም እዚያው መቅደላ ላይ ነው።

ያ የአሸዋ ሰዓት በእጄ ቢኖር የት ድረስ ነበር የማዞረው? እስከ ፋሲካው ቀን? ያኔማ አልፏል። ቴዎድሮስ ለንግሥት ቪክቶሪያ ደብዳቤ የጻፉት በ1855 ዓ.ም. ጥቅምት ነው። የንግሥቲቱ መልስ በራሳም እጅ የደረሳቸው በ1858 ዓ.ም. ጥር ነው። ከሦስት ዓመት በላይ! በመሀል ቆንስሉ ታስሯል፣ ቂም ተቋጥሯል። ነገሩ የተበላሸው መድፉ ሳይቀልጥ በፊት፣ በመዘግየት ነው። ስድስት ሰዓት ዘግይቶ በር የተዘጋበት ሰው ይህን ለመረዳት ብዙ አይቸገርም።

ዛሬ የበዓላቱን ቀን ስልካችን ይነግረናል፤ ማንም ደብተር አያወጣም። ምን ቸገረን ልትሉ ትችላላችሁ። ስልኬ ግን ሚያዝያ 5 የሚል ቁጥር ከመስጠት በቀር ያን ሳምንት አላሳየኝም። ከመስከረም ተነሥቼ፣ በነነዌ አልፌ፣ ስቅለት ላይ ስደርስ ነው እሮጌ ላይ የወደቀው ሰው ባዶ ሆዱን እንደነበር የገባኝ። ባሕረ ሐሳብ ምንም አይለውጥም፤ ቀኑ ላይ ያደርሳል፣ በቃ።

ጋሼ ደብተሩን ሳይዘጋ አንድ ነገር ጨመረ። 19 በ28 ሲባዛ 532፤ ይህ ዐቢይ ቀመር ነው። በ532 ዓመት ዕለቱም፣ ጨረቃውም፣ ወንጌላዊውም ገጥሞ ይመለሳል። 1860 ላይ 532 ጨምሩ፤ 2392። ያን ዓመት መስከረም 1 እንደገና ረቡዕ፣ ስቅለት እንደገና ሚያዝያ 3፣ ፋሲካ እንደገና ሚያዝያ 5 ይሆናል። ቀኖቹ ዞረው ይመጣሉ፤ ሰዎቹ ግን አይመጡም።

እኔም በቀጣዩ ዓመት ለፈተናው እንደገና ተመዘገብኩ። መልእክቱ ሲመጣ ደውዬ «ጠዋት ነው ማታ?» ብዬ ጠየቅኩ።