የግሮድኖዋ ልጅ፦ የኦልጋ ኮርቡት ክብርና ዕዳ

በስፖርት ታሪክ ያሸነፉ ሰዎች ብዙ ናቸው። ወድቀው የተወደዱ ግን በጣት የሚቆጠሩ ናቸው። ከነዚህ አንዷ የባይሎረሽያዋ ጂምናስት ኦልጋ ኮርቡት ናት። እ.ኤ.አ. በ1972 በሙኒክ ኦሎምፒክ ሦስት የወርቅና አንድ የብር ሜዳሊያ አግኝታለች (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዘመናት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ነገር ግን ዓለም አብልጦ የሚያስታውሳት ወርቁን ባጠለቀችበት ሰዓት አይደለም። ከዘንግ ላይ ወድቃ፣ ወንበሯ ላይ ኩርምት ብላ ባለቀሰችበት ሰዓት ነው። ያንን ለቅሶ በቴሌቪዥን ያየ ሁሉ ልጅቱን ያወቃት መሰለው። በእርግጥ አውቋት ነበርን? ጥያቄው ቀላል ቢመስልም መልሱ እስኪገኝ ሩብ ምዕተ ዓመት አልፏል።

ከኔማን ወንዝ ዳር

ግሮድኖ በምዕራብ ባይሎረሽያ፣ በፖላንድና በሊትዌኒያ ድንበር አጠገብ፣ በኔማን ወንዝ ዳር የተቆረቆረች ከተማ ናት። ያ አገር በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ከሕዝቡ አንድ አራተኛ የሚሆነውን አጥቷል። ኦልጋ የተወለደችው ሜይ 16 ቀን 1955፣ ማለትም ጦርነቱ ካበቃ ከአሥር ዓመት በኋላ ነው። አባቷ መሐንዲስ፣ እናቷ ወጥ ቤት ሠራተኛ ነበሩ። ከአራት እህትማማች የመጨረሻዋ እሷ ናት።

በዚያን ጊዜ በሶቪየት ኅብረት የስፖርት ትምህርት ቤት በየከተማው ነበር። ግሮድኖም በ1964 የቶኪዮ ኦሎምፒክ ከሶቪየት ቡድን ጋር ወርቅ ያገኘችውን የለና ቮልቼትስካያን ያፈራች ከተማ ናት። ትንሿን ኦልጋን መጀመሪያ የተቀበለቻት ይህችው ቮልቼትስካያ ስትሆን፣ ብዙም ሳይቆይ ሬናልድ ክኒሽ ወደሚባለው አሠልጣኝ እጅ ተላለፈች።

ክኒሽ ሌሎች ያላሰቡትን የሚያስብ ሰው ነበር። በዘመኑ የሴቶች ጂምናስቲክ እንደ ባሌት ዳንስ የረጋ፣ የሰከነና የተዋበ ነበር። ሻምፒዮኖቹም የበሰሉ ሴቶች ነበሩ። የሶቪየቷ ላሪሳ ላቲኒና በቶኪዮ ስትወዳደር 29 ዓመቷ ነበር። የቼኮዝሎቫኪያዋ ቬራ ቻስላቭስካ በ1968 በሜክሲኮ የሁሉን አቀፍ ውድድር ስታሸንፍ 26 ዓመቷ ነበር። ክኒሽ ግን ቀለል ያለች፣ አጭርና ደፋር ልጅ ብትገኝ ሌሎቹ የማይሞክሩትን ልትሠራ ትችላለች ብሎ አመነ። ያቺም ልጅ ተገኘች።

እስቲ አንባቢ ይህን በዓይነ ኅሊናው ይመልከት። ስፋቱ 10 ሳንቲ ሜትር፣ ርዝመቱ 5 ሜትር የሆነ፣ ከመሬት ከአንድ ሜትር በላይ ከፍ ያለ አግዳሚ እንጨት አለ። በእሱ ላይ ቀጥ ብሎ መሄድ እንኳ ለብዙ ሰው ይከብዳል። ኦልጋ ግን በዚያ ላይ ቆማ ወደ ኋላ በአየር ላይ ተገልብጣ፣ ያንኑ እንጨት በእግሯ ረግጣ ትቆማለች። ከፍና ዝቅ ካሉት ሁለት ዘንጎች ደግሞ በከፍተኛው ላይ በእግሯ ትቆምና ወደ ኋላ ተገልብጣ መልሳ ዘንጉን በእጇ ትይዛለች። ይህ እንቅስቃሴ እስከ ዛሬ በስሟ ይጠራል።

ሙኒክ

ኦልጋ ወደ ሙኒክ ስትሄድ 17 ዓመት ሞልቷት ነበር። ቁመቷ ግን አንድ ሜትር ተኩል ያህል ብቻ ስለነበር፣ ፀጉሯንም በሁለት በኩል በሪባን አስራ ስለምትታይ፣ ተመልካቹ የ12 ዓመት ሕፃን የሚያይ ይመስለው ነበር። የቡድኑ መሪ እሷ ሳትሆን ሉድሚላ ቱሪሽቼቫ ነበረች። ሌላዋ የባይሎረሽያ ልጅ፣ የቪቴብስኳ ታማራ ላዛኮቪችም ከእሷ የበለጠ ተስፋ የተጣለባት ነበረች።

በቡድን ውድድሩ ሶቪየት ኅብረት አሸነፈች፤ ኦልጋም በአንድ ቀን የተመልካቹን ልብ ወሰደች። በሁሉን አቀፉ ውድድር ዕለት ግን፣ ገና በዘንጎቹ ላይ ስትጀምር እግሯ መሬት ነካ። ግራ ተጋባች፤ ስሕተት ስሕተትን ወለደና ከዘንጉ ወደቀች። ዳኞቹ 7.5 ሰጧት። ወንበሯ ላይ ተቀምጣ አለቀሰች። ካሜራው ከፊቷ ላይ አልነሣም። በመጨረሻም ቱሪሽቼቫ አንደኛ፣ ላዛኮቪች ሦስተኛ ሲወጡ ኦልጋ ሰባተኛ ሆነች።

በማግስቱ በየመሣሪያው ለተናጠል ሜዳሊያ ውድድር ተመልሳ ቀረበች። በአግዳሚው እንጨትና በወለል እንቅስቃሴ ወርቅ ወሰደች። በዚያው በጣላት ዘንግ ላይ ብር አገኘች። ለዚህ የተሰጣት ነጥብ አነሰ ብሎ ሕዝቡ በፉጨትና በጩኸት ውድድሩን እስከ ማቋረጥ ደርሶ ነበር። በሦስት ቀን ውስጥ ድል፣ ውርደትና ትንሣኤ! ለቴሌቪዥን ከዚህ የተሻለ ድራማ ማን ሊጽፍለት ይችል ነበር?

እኛ ኢትዮጵያውያን ያንን ኦሎምፒክ ማሞ ወልዴ በ40 ዓመቱ በማራቶን፣ ምሩፅ ይፍጠርም በ10,000 ሜትር ባመጡልን ነሐስ እናስታውሰዋለን። ዓለም ደግሞ በሴፕቴምበር መጀመሪያ 11 እስራኤላውያን በተገደሉበት ጥቃት ያስታውሰዋል። ከዚያ ደም በፊት የነበረውን የመጀመሪያውን ሳምንት የሚወክለው ግን የዚህች ልጅ ፊት ነው።

ዘመኑም ረድቷታል። ፕሬዚዳንት ኒክሰን በዚያው ዓመት በሜይ ወር ሞስኮን ጎብኝተው፣ በኑክሊየር መሣሪያ ገደብ ላይ ተፈራርመው ተመልሰዋል። ነገር ግን ምዕራባውያን ሶቪየቶችን የሚያስቧቸው ፊታቸው እንደ ድንጋይ በጠጠረ ሰዎች ነበር። አሁን የምታለቅስና የምትስቅ ሶቪየት አዩ። በ1973 ቡድኑ አሜሪካን ሲዞር አዳራሾች ሞሉ፤ ኒክሰንም በነጩ ቤት ተቀበሏት። ብዙ አምባሳደሮች በብዙ ዓመት ያልሠሩትን አንዲት ልጅ በጥቂት ደቂቃ ሠራች ማለት ይቻላል። የአሜሪካ ወላጆችም ሴት ልጆቻቸውን ወደ ጂምናስቲክ ክበብ ማጉረፍ ጀመሩ።

የተከፈተው በር

ነገር ግን አዲስ በር ሲከፈት የሚገባው ብርሃን ብቻ አይደለም። ከሙኒክ በኋላ አሠልጣኞች ሁሉ አንድ ነገር ተረዱ፦ ትንሽ፣ ቀላልና ደፋር የሆነች ልጅ ታሸንፋለች። በ1974 በቡልጋሪያ በቫርና በተደረገው የዓለም ሻምፒዮና ኦልጋ ከቱሪሽቼቫ ቀጥላ ሁለተኛ ወጣች፤ በዝላይም ወርቅ አገኘች። በ1976 በሞንትሪያል ግን የ14 ዓመቷ ሮማንያዊት ናዲያ ኮማኔች ሰባት ጊዜ 10 ነጥብ አግኝታ መድረኩን ወረሰችው። ኦልጋ በቡድን ወርቅ፣ በአግዳሚው እንጨት ብር ብታገኝም በሁሉን አቀፉ አምስተኛ ሆነች። አገራችን ከሌሎች የአፍሪካ አገሮች ጋር በኒው ዚላንድ ሰበብ ያልተካፈለችበት ያ ኦሎምፒክ ለ21 ዓመቷ ኦልጋ የመጨረሻዋ ነበር። እሷ የከፈተችው በር እሷኑ አስወጣት።

የደፋርነቱ ፉክክር ግን ቀጠለ። በ1978 የዓለም ሻምፒዮን የነበረችው የለና ሙኪና፣ ከሞስኮ ኦሎምፒክ ጥቂት ሳምንታት ሲቀሩት በጁላይ 1980 እዚያው ሚንስክ በልምምድ ላይ እጅግ አደገኛ የሆነ ግልባጭ ስትሞክር አንገቷ ተሰበረ። ከዚያ በኋላ እስካረፈችበት እስከ 2006 ድረስ ሰውነቷ ሽባ ሆኖ ኖረች። የጂምናስቲክ ፌዴሬሽኑ ዝቅተኛውን የተወዳዳሪ ዕድሜ በ1981 ከ14 ወደ 15፣ በ1997 ደግሞ ወደ 16 ከፍ አደረገው። በከፍተኛው ዘንግ ላይ በእግር መቆምም ለሴቶች ተከለከለ። ስለዚህ ኦልጋ በሙኒክ ዓለምን ያስደነቀችበትን ያንን ግልባጭ ዛሬ በውድድር ልታሳይ የምትችል ልጅ የለችም።

ከመድረክ በኋላ

ኦልጋ በ1977 ከግሮድኖ የመምህራን ማሠልጠኛ ተመርቃ ውድድርን ተሰናበተች። በ1978 "ፔስንያሪ" በተባለው የባይሎረሽያ ታዋቂ የሙዚቃ ቡድን ውስጥ ድምፃዊ የነበረውን ሊዮኒድ ቦርትኬቪችን አገባች። ወንድ ልጅም ወለደች። መኖሪያቸው ሚንስክ ነበር።

በ26 ኤፕሪል 1986 ሌሊት በዩክሬን የቼርኖቢል የኑክሊየር ጣቢያ ፈነዳ። ነፋሱ ወደ ሰሜን ነበርና ከመርዘኛው አመድ አብዛኛው የወደቀው በባይሎረሽያ ምድር ላይ ነው። ሕዝቡ ግን በጊዜው አልተነገረውም። የሜይ ዴይ ሰልፍ እንደ ወትሮው ተደረገ፤ ሕፃናት በየሜዳው ተጫወቱ። ሚካኤል ጎርባቾቭ በቴሌቪዥን ቀርበው የተናገሩት ከ18 ቀን በኋላ ነው። ኦልጋ ይህን አልረሳችም። በ1991 ከቤተሰቧ ጋር ወደ አሜሪካ ከሄደች በኋላ፣ ስሟን ተጠቅማ በቼርኖቢል ለተጎዱ ሕፃናት እርዳታ ስታሰባስብ ቆይታለች። በጆርጂያ ግዛት፣ በአትላንታ አካባቢም ልጆችን አሠልጥናለች። በ1988 ዓለም አቀፉ የጂምናስቲክ የክብር መዝገብ ሲከፈት መጀመሪያ የተጻፈው የእሷ ስም ነበር። ትዳሯ ግን በ2000 ፈረሰ። ኋላም ወደ አሪዞና ተዛወረች።

እሷ ወደ አሜሪካ ከሄደች በኋላ ከቱሪሽቼቫ ጋር በሙኒክ መድረክ ላይ የቆመችው ታማራ ላዛኮቪች በ1992 በ38 ዓመቷ አረፈች። ስለ እሷ የጻፈ ጥቂት ነው። በዚያው ዓመት የሚንስኩ ቪታሊ ሸርቦ በባርሴሎና ስድስት ወርቅ አነሣ። እሱም ኋላ ኑሮውን አሜሪካ አደረገ። ባይሎረሽያ ልጆቿን ታበቅላለች፤ ፍሬውን የሚበላው ግን ሌላ ነው።

ዘግይቶ የተነገረ ቃል

በ1999 ኦልጋ የ44 ዓመት ሴት ሆና ለአንድ የሩሲያ ጋዜጣ ተናገረች። አሠልጣኟ ክኒሽ ልጆቹን ይመታ እንደነበር፣ እሷንም በግድ እንደ ደፈራት ገለጸች። ከዚያም በኋላ ደግማ ደጋግማ ተናግራለች። ክኒሽ ሐሰት ነው ሲል ካደ፤ በ2019ም አረፈ። ነገሩ በፍርድ ቤት ተጣርቶ የተበየነ አይደለምና ብያኔ መስጠት የዚህ ጽሑፍ ሥራ አይሆንም። አንድ ነገር ግን ልብ ማለት ይገባል። ያ የሥልጠና ሥርዓት ልጅን ከወላጅ ቤት አውጥቶ ለአንድ አሠልጣኝ ፈጽሞ የሚያስረክብ ነበር። ምግቧ፣ እንቅልፏ፣ ክብደቷና ጉዞዋ በእሱ እጅ ነው። ብትከሰው ለማን ትከሰዋለች? ሜዳሊያው የመንግሥት ክብር ነው፤ አሠልጣኙም የሜዳሊያው አባት ተብሎ ይከበራል። እንዲህ ባለ ቤት ውስጥ ግፍ ቢፈጸም የሚሰማ ጆሮ አልነበረም። ሥርዓቱ ደግሞ የሶቪየቶች ብቻ አይደለም። በኋለኛው ዘመን በአሜሪካ የብሔራዊ ቡድኑ ሐኪም የነበረው ላሪ ናሳር በብዙ ጂምናስቶች ላይ በፈጸመው ግፍ በ2018 ተፈርዶበት ሲታሰር፣ ያው ዝምታ እዚያም እንደነበረ ታይቷል።

በ2017 ኦልጋ ከሙኒክ ሜዳሊያዎቿ ሁለቱን ወርቅና ብሩን ከሌሎች ንብረቶቿ ጋር በአሜሪካ በጨረታ ሸጠች። በጠቅላላው 333,500 ዶላር አወጡ። ያን ጊዜ ብዙ ሰው አዘነ። "ሜዳሊያ እንዴት ይሸጣል?" የሚል ወሬ ነበር። ነገር ግን ለዚያ ወርቅ የከፈለችው እሷ ናት። ልጅነቷን ማንም አልመለሰላትም። በየአገሩ የታየችበትን የትርኢት ገቢም የወሰደው መንግሥት ነው። ወርቁን ልታስቀምጠው ወይም ልትሸጠው የምትችል ባለቤቱ ብቻ ናት።

እንግዲህ ወደ ጥያቄያችን እንመለስ። በሙኒክ ያለቀሰችውን ልጅ ዓለም አውቋት ነበርን? ያየው እንባዋን ብቻ ነው። ከካሜራው ውጪ ስለነበረው ኑሮዋ የጠየቀ አልነበረም። አበው "የሆድን በሆድ" ይላሉ፤ ልጅቱም ያንኑ አደረገች፤ ሩብ ምዕተ ዓመት ያህል። ዛሬም በየኦሎምፒኩ ትንንሽ ልጆች በአየር ላይ ሲገለባበጡ እጃችን እስኪቀላ እናጨበጭባለን። ጭብጨባው ተገቢ ነው፤ ድንቅ ይሠራሉና። ነገር ግን ከጭብጨባው ጋር አንድ ጥያቄ ቢጨመርበት መልካም ነው፦ ይህች ልጅ ማታ ወደ ማደሪያዋ ስትመለስ አብሯት ያለው ማን ነው? የግሮድኖዋ ልጅ በ17 ዓመቷ ይህን የሚጠይቅላት አላገኘችም።