በፈረስ ሥዕል ወገኑን የረዳው መምህር



የዛሬው ጽሑፌ ታሪክ ነው፤ ረዘም ቢልም እስከ መጨረሻው አንብቡልኝ። በመሃላችን «ሥዕል ለጠገበ ሰው ነው፣ ስደተኛ መጀመሪያ እንጀራውን ይፈልግ» የሚል አባባል አለ። አንዳንድ ወላጆችም «ልጄ ደብተሩን በሥዕል ጨረሰው» ብለው ለእኔ ለመምህሩ ይከሱታል። መልሴ የአንድ ሰው ታሪክ ነው።

ስሙ ሹ ቤይሆንግ ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1895 በቻይና፣ በጂያንግሱ ክፍለ ሀገር፣ ይሺንግ አካባቢ ተወለደ። ሥዕልን ያስተማረው ድሃ ሠዓሊ የነበረው አባቱ ነው። ጎርፍ አካባቢያቸውን ሲጎዳው አባትና ልጅ ከቦታ ቦታ እየዞሩ ሥዕል ሸጠው ኖሩ። ገና በወጣትነቱ አባቱ ሲሞት የቤተሰቡ ሸክም በእሱ ላይ ወደቀ፤ ትምህርት ቤት ሥዕል እያስተማረ ተሸከመው።

በ1919 ለትምህርት ወደ ፓሪስ ሄደ። በ1927 ተመልሶ ናንጂንግ ውስጥ በዩኒቨርሲቲ አስተማረ። ዝናው ግን በፈረስ ነው። የፈረስን አጥንትና ጡንቻ አጥንቶ፣ በአውሮፓ የተማረውን ከቻይና ብሩሽና ጥቁር ቀለም ጋር አዋሃደው። ብዙዎቹ ፈረሶቹ ኮርቻም ልጓምም የላቸውም፤ ጋማቸውን ነፋስ እየበተነው ይጋልባሉ። ቴዎድሮስን «አባ ታጠቅ»፣ ምኒልክን «አባ ዳኘው» ብለን በፈረስ ስም ለምንጠራ ለእኛ፣ የፈረስ ትርጉም አይጠፋንም።

በ1937 ጃፓን ቻይናን በሰፊው ወረረች። ሚሊዮኖች ከቀያቸው ተፈናቀሉ። ያ ዘመን ጣሊያን አገራችንን የያዘበት፣ አያቶቻችንም ኬንያ ውስጥ ኢሲዮሎና ታቬታ ካምፕ የተጠለሉበት ዘመን ነው።

ሹ ያለው ሀብት ሥዕሉ ነበርና እሱኑ ይዞ ወጣ። በ1939 ሲንጋፖር ላይ ኤግዚቢሽን ከፍቶ ገቢውን ለጦርነቱ ተጎጂዎች ሰጠ። ቀጥሎ በባለቅኔው በራቢንድራናት ታጎር ጥሪ ወደ ሕንድ ሄደ፤ እዚያም ለወገኖቹ ርዳታ ሥዕሎቹን አሳየ። በ1941 በማላያ ከተሞች እንዲሁ አደረገ። ፔናንግ ሳለ ቻንግሻ ላይ ከባድ ውጊያ መኖሩን ሰማ። ያን ጊዜ የሚጋልብ ፈረስ ስሎ፣ ጭንቀቱን እዚያው ሥዕሉ ላይ ጻፈ።

ልብ በሉ፤ በእነዚያ ከተሞች ዋናዎቹ ደጋፊዎቹ ከአገራቸው ርቀው የሚኖሩ ቻይናውያን ነበሩ። ሰውየው ሥዕሉን ገዝቶ ግድግዳው ላይ ይሰቅላል፤ ገንዘቡ ደግሞ ለተፈናቀለው ወገኑ ይሄዳል። የርዳታ ተቀባይ ብቻ ነው የተባለ ሕዝብ፣ በገዛ እጁ ሥራ ሰጪ ሆነ።

ጦርነቱ ሲንጋፖር ሲደርስ ሹ በ1942 መጀመሪያ ወጣ፤ ትቷቸው የሄደውን ሥዕሎች ወዳጆቹ ደብቀው አቆዩለት። በኋላ ቤጂንግ የሚገኘውን ማዕከላዊ የሥነ ጥበብ አካዳሚ መራ፤ በ1953 አረፈ። ባለቤቱ ሊያኦ ጂንግዌን ሥራዎቹን ለሕዝብ አበረከተች።

እና ወላጆች ሆይ፣ ልጁ ደብተሩ ላይ ሲስል ወረቀቱን አትቅደዱበት፤ ሌላ ወረቀት ስጡት። አዲስ ለሚመጡ ወገኖቻችን ገንዘብ በምናሰባስብበት በሚቀጥለው የቡና ዝግጅት፣ ከጀበናው አጠገብ የልጆቻችንን ሥዕሎች እንስቀል። የገዛ ይገዛል፣ ያልገዛም አይቶ ይመርቃል። ልጆቹም እጃቸው ሰው እንደሚረዳ ያውቃሉ።

ቸር ያሰንብተን!