ገነት የተባለ ግዞት

በእንግሊዝ ሥነ ጽሑፍ ውስጥ ስሙ የገነነ አንድ የኢትዮጵያ ተራራ አለ፤ ስሙም «አማራ» ይባላል። በዚህ ስም የሚጠራ ተራራ ግን በአገራችን ካርታ ላይ ቢፈለግ አይገኝም። ጆን ሚልተን እ.ኤ.አ. በ1667 ባሳተመው «የጠፋው ገነት» አራተኛ መጽሐፍ የዔድንን ውበት ሲያወሳ ከዚህ ተራራ ጋር ያነጻጽራታል። የሐበሻ ነገሥታት ልጆቻቸውን የሚያስጠብቁበት፣ ከምድር ወገብ በታች በዓባይ ምንጭ አጠገብ የቆመ፣ አንዳንዶችም እውነተኛው ገነት ነው የሚሉት ተራራ እንደሆነ ይነግረናል። ባለቅኔው ይህን ያነሣው ዔድን ከዚያ እጅግ ትበልጣለች ለማለት ነው። ቢሆንም ከገነት ጋር በአንድ ሚዛን ላይ መቀመጥ ቀላል ክብር አይደለም።

ይህ ተራራ የእኛው ግሸን ነው። በደቡብ ወሎ፣ በአምባሰል፣ ዙሪያውን በገደል የታጠረ፣ አናቱ የመስቀል ቅርጽ ያለው፣ ምእመናን በየዓመቱ መስከረም 21 ቀን የሚተሙበት አምባ ነው። አገሩ በጥንት ዘመን ቤተ አምሐራ ይባል ስለነበር የሩቅ ጸሐፍት የአገሩን ስም ለተራራው ሰጡት፤ ከዚያም አንሥተው ከምድር ወገብ ላይ አስቀመጡት።

አምባው ግን በመካከለኛው ዘመን የነገሥታት ዘር ግዞት ነበር። ንጉሥ ሲነግሥ ዙፋኑን ሊሻሙት የሚችሉት ወንድሞቹና የወንድሞቹ ልጆች ወደዚያ ይወጣሉ፤ ንጉሥ ሲሞት ከመካከላቸው አንዱ ይወርድና ዘውድ ይጭናል። የቀሩት እዚያው ያረጃሉ። ዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ በ1434፣ ዐፄ ናዖድም በ1494 ከዚህ አምባ ወርደው ነገሡ። ከ1520 እስከ 1526 በዐፄ ልብነ ድንግል ዘመን በአገራችን የቆየው ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ ስለ አምባው ጽፏል። እሱ የጻፈው ስለ ገነት አይደለም። ከመሳፍንቱ ወደ ንጉሡ ደብዳቤ ይዞ በመምጣቱ ስለተገረፈ መነኩሴ፣ ደብዳቤው በማለፉም አብረው ስለተገረፉ ጠባቂዎች ነው።

ታዲያ ግዞቱ እንዴት ገነት ሆነ? ሉዊስ ደ ኡሬታ የተባለ፣ ኢትዮጵያን በዓይኑ ያላየ የስፔን መነኩሴ በ1610 በቫሌንሲያ አንድ ትልቅ መጽሐፍ አሳተመ። በመጽሐፉም የተራራው አናት ዘወትር የፀደይ አየር የሚነፍስበት፣ ቤተ መንግሥት፣ አድባራትና ተወዳዳሪ የሌለው ቤተ መጻሕፍት የሞላበት ሆነ። በአገራችን የነበረው ኢየሱሳዊው ፔድሮ ፓኤዝ ይህን ተረት እየነቀሰ የሚያፈርስ መጽሐፍ ጻፈ፤ በ1622ም በዚሁ በአገራችን አረፈ። ነገር ግን ውብ ተረት ከእውነት ይልቅ ፈጣን እግር አለው። እንግሊዛዊው ሳሙኤል ፐርቻስ የኡሬታን ወሬ በ1613 ለአገሩ አንባቢ አደረሰ። ለባለቅኔዎቹ የደረሳቸውም ይኸው ነው።

ሳሙኤል ኮልሪጅ ስለ ኩብላ ካን በጻፈው፣ በ1816 በታተመው ግጥም ውስጥ አንዲት የሐበሻ ልጅ ስለ ተራራ ታዜማለች። በታተመው ግጥም ተራራው «አቦራ» ቢባልም በእጅ ጽሑፉ ግን «አማራ» ይነበባል። ኮልሪጅ ይህችን ልጅ በሕልሙ እንዳያት ነው የሚለው። እኛ ግን ከአራቱ ቅኝቶቻችን አንዱ በዚያው ተራራ አገር ስም «አምባሰል» ተብሎ እንደሚጠራ እናውቃለን። ማሪቱ ለገሠን የሰማ ሁሉ ሕልሙ ውስጥ ባለቅኔው ሳያውቀው የገባ እውነት እንዳለ ይረዳል።

ከሁሉ ይልቅ ወደ እውነቱ የቀረበው ሳሙኤል ጆንሰን ነው። የጀሮም ሎቦን የኢትዮጵያ ጉዞ ከፈረንሳይኛ ተርጉሞ በ1735 ያሳተመው ጆንሰን፣ በ1759 እናቱ ስትሞት የቀብሯን ወጪ ለመሸፈን በአንድ ሳምንት ምሽቶች «ራሴላስ»ን ጻፈ። ኋላም ሲራክ ኅሩይ ወደ አማርኛ መልሰውታል። ልዑሉ የሚኖርበት ሸለቆ ምንም አይጎድልበትም፤ ምግቡ፣ ዜማው፣ ጨዋታው ሁሉ ሞልቷል። የጎደለው መውጫ ብቻ ነው። ስለዚህ ልዑሉ ኢምላክ ከተባለው ባለቅኔ ጋር ተራራውን ቦርቡሮ ይወጣል። ጆንሰን አገራችንን ሳያይ፣ ሌሎች በተራራው ላይ የደረቡትን ወርቅ ገፎ ከሥሩ ያለውን ቁልፍ አየ። ባለቅኔ በእውነተኛው አምባም አልጠፋም፦ ከግሸን የወረዱት ዐፄ ናዖድ መልክአ ማርያምን ደረሱ ይባላል።

እኛ የሥነ ጽሑፍ ወዳጆች የአገራችን ተራራ በሚልተን መጽሐፍ ውስጥ መኖሩን በኩራት እናወራለን። ይገባልም። ነገር ግን ኩራታችን ስማቸው ያልተጻፈውን፣ እዚያው ተወልደው እዚያው ያረጁትን መሳፍንት እንዳያስረሳን እፈራለሁ። ቋንቋችን እንኳ አልረሳቸውም። ከግሸን በኋላ፣ በጎንደር ዘመን፣ የነገሥታት ልጆች የተጋዙበት አምባ ወኅኒ ይባል ነበር፤ ዛሬም እስር ቤትን «ወኅኒ ቤት» እንላለን። ፈረንጅ ከአምባው ገነትን ሲወስድ፣ እኛ የወረስነው የእስር ቤትን ስም ነው።

አንድ ሌላ ውርስ ደግሞ በደጃችን አለ። በሰበታ፣ በቡራዩና በሱሉልታ የምንኖር ሰዎች በእንጦጦና በወጨጫ ተራሮች መካከል ነው የምንውለው። ከሰበታ በላይ በወጨጫ ወገብ ላይ ያለውን የመናገሻ ሱባን የጥድ ደን፣ ዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ ከወፍ ዋሻ ዘር አስመጥተው እንዳስተከሉት ይነገራል። በግዞት ተራራ ላይ የከረመ ሰው ንጉሥ ሲሆን በሌላ ተራራ ላይ ጥድ አስተከለ ማለት ነው። ሚልተን ይህን አልሰማም፤ የሰማነው እኛ ነን። አንባቢ ሆይ፣ ወደ ሱባ የወጣህ ወይም የወጣሽ እንደሆነ ከጥዱ ሥር ቆም በሉና በግሸን ያረጁትን አስቡልኝ።

ቸር እንሰንብት።